የጎድኑ ስብራት ገጥሟል፣ ሕመሙ ግን አልለቀቀም፦ ኮዱን ምን ልስጠው?

ባለካርዷ

ሰላም የዚህ ቤት ሰዎች፣ እንደምን ሰነበታችሁ። ኤችአይቲ (የጤና መረጃ ባለሙያ) ነኝ፤ ባሕር ዳር አንድ ሆስፒታል ካርድ ክፍል ውስጥ እሠራለሁ። ቀን ቀን የእኛን ሪፖርት ኮድ አደርጋለሁ፣ ማታ ማታ ደግሞ የአሜሪካውን አይሲዲ-10-ሲኤም አጠናለሁ፤ አይሲዲ የበሽታና የጉዳት ኮዶች መጽሐፍ ነው፣ ሲኤም የአሜሪካው ቅጂ። ፈተናውን አልፌ ከቤት ሆኖ የሚሠራ የኮዲንግ ሥራ ለመግባት ነው ሐሳቤ። የዛሬው ጥያቄ ሁለቱንም ስለሚነካ በሁለቱም በኩል የምታውቁ መልሱልኝ።

ሰውየው ጀልባ ላይ ነው የሚሠሩት። ከዓመት በላይ ሆነው፤ ጭነት ሲያራግፉ ማዕበል ጀልባዋን ገፍቶ ከወደቡ ድንጋይ ጋር አጣበቃቸው። የግራ ጎናቸው 6ኛ፣ 7ኛና 8ኛ ጎድን ተሰበረ። ተኝተው ታከሙ፣ ድነዋል ተብለው ወጡ። ሕመሙ ግን አልተዋቸውም። ብርድ ሲሆን፣ ሲያስሉ፣ በግራ ጎናቸው ሲተኙ ውጋቱ ይነሣባቸዋል። ካርድ እስኪወጣላቸው አግዳሚው ላይ ተቀምጠው አያቸዋለሁ። ቀኝ እጃቸውን በግራ ብብታቸው ሥር ከተው ጎናቸውን ደግፈው ይይዛሉ። ስማቸው ሲጠራም አንገታቸውን ብቻ አያዞሩም፤ ከወገባቸው ጀምሮ መላ አካላቸው ነው የሚዞረው። እንደዚያ ለሚቀመጥ ሰው «ድሮ ታመው ነበር» የሚል ኮድ ሰጥቼ ማለፍ ይከብደኛል።

ችግሩ ካርዱ ነው። በመጨረሻው ቪዚት ሐኪሙ የጻፈው ይህን ብቻ ነው፦ «ኦልድ ሂልድ ሪብ ፍራክቸር፣ ሌፍት 6–8። ቼስት ፔይን። አናልጄሲክ።» (የድሮ የገጠመ የጎድን ስብራት፣ ግራ 6–8፤ የደረት ሕመም፤ ማስታገሻ)። የራጁ ውጤትም ስብራቱ ገጥሟል፣ ሳንባው ደህና ነው ይላል። ወደ ኋላ ገልጬ ሳይ ደግሞ እሳቸው በመጡ ቁጥር ኤስ22.4፣ ማለትም የብዙ ጎድን ስብራት፣ እንደ አዲስ ተመዝግቧል። አንዴ የተሰበሩ ሰው በእኛ መዝገብ ደጋግመው የተሰበሩ ሆነዋል። የወሩ ሪፖርት ተዘግቶ ሲሄድ ማንም ይህን ተመልሶ አያጣራም፤ የጉዳት ቁጥሩ እዚያው ይቀራል። በዚያ ቁጥር ላይ ተመሥርቶ ስለ ወደቡ ደኅንነት የሚወስን ሰው ካለ በሐሰት ነው የሚወስነው።

እና የገጠመ ስብራት ከነሕመሙ እንዴት ይጻፋል? ኤስ22.4ን ጨርሼ ልተወው ወይስ ሌላ ነገር ጨምሬበት ላስቀምጠው? በአሜሪካው መጽሐፍስ ቅደም ተከተሉ የትኛው ነው?

ኮደር 14

ቀላል ነው እህቴ። ስብራቱ ከገጠመ ዜድ87.81 ነው፤ የዳነ የአደጋ ስብራት ታሪክ። አጥንቱ ድኗል፣ ራጁም መስክሯል። ቼስት ፔይኑን አር07.9 አድርገሽ እለፊ።

የድሮዋ ኤችአይቲ

ነገርን ከሥሩ፣ ውኃን ከጥሩ ይባላል። ልጄ፣ እኔ በዚህ ሙያ ካርድ በእጅ ተጽፎ በመደርደሪያ ከሚፈለግበት ዘመን ጀምሮ ስላለሁ ረዘም አድርጌ ብጽፍልሽ ታገሺኝ።

ወንድማችን ኮደር 14 የጠቀሰው ኮድ ትክክለኛ ኮድ ነው፤ ቦታው ግን እዚህ አይደለም። የታሪክ ኮድ የሚሰጠው ነገሩ ሁሉ ያለቀለት ሰው ነው። ስብራቱ ገጥሞ፣ ሕመሙ ጠፍቶ፣ ዛሬ በሌላ ጉዳይ መጥቶ «ድሮ ጎድኔ ተሰብሮ ነበር» የሚል ሰው፣ እሱ በአሜሪካው ዜድ87.81፣ በዓለም ጤና ድርጅቱ መጽሐፍ ዜድ87.8 ይገባዋል። ያንቺ ሰው ግን ጎናቸውን ይዘው ነው የተቀመጡት። አጥንቱ አልቆለታል፣ የአጥንቱ መዘዝ አላለቀም። የመዘዝ ኮድ የሚባለው ሲኩዌላ የተሠራው ለዚህ ዓይነት ሰው ነው።

በዓለም ጤና ድርጅቱ አይሲዲ-10 ከቲ90 እስከ ቲ98 ያለውን ምድብ አውጪ። የጎድን ስብራት መዘዝ ቲ91.2 ሥር ነው። የአከርካሪ ስብራት መዘዝ ቲ91.1 ብቻውን ተለይቶ ተቀምጧል፤ ቲ91.2 ደግሞ የቀረውን የደረትና የዳሌ ስብራት በአንድ ላይ ይይዛል። አየሽ፣ ጎድንም ዳሌም አንድ ኮድ ውስጥ ገቡ ማለት ነው። ስለዚህ ቲ91.2ን ብቻውን ብትጽፊ ሰውየው ምናቸውን እንደሚያማቸው የሚያነብ ሰው አያውቅም። ቲ91.2 ሁለተኛ ኮድ ነው። ከፊቱ ዛሬ ያመጣቸው፣ በሰውነታቸው የቀረው ችግር መቅደም አለበት። ዛሬ ያለው ይቀድማል፣ የመጣበት ይከተላል። መጽሐፉ ራሱ ለሕሙማን መዝገብ የሚያዘው ይህንኑ ነው፦ ዋናው ኮድ የቀረው ችግር፣ የ«መዘዝ» ኮዱ ተጨማሪ።

ስለ ጊዜው፦ በዚያው ምድብ መግቢያ ላይ ማስታወሻ አለ። መዘዝ የሚባለው ሐኪሙ መዘዝ ብሎ የጻፈው፣ ወይም ከአደጋው በኋላ አንድ ዓመትና ከዚያ በላይ የቆየ ነው ይላል። ያንቺ ሰው ዓመት አልፏቸዋል፤ በዚህ በኩል ክርክር የለም።

አንድ ነገር ደግሞ አትርሺ፤ የአደጋው ምክንያት። በቪ የሚጀምረውን የአደጋ ኮድ እንደ አዲስ አትስጪ። ጀልባ በአይሲዲ የመጓጓዣ አደጋ ነው፤ የቆየው መዘዙ ዋይ85.9 ይባላል። የመኪናና የባጃጅ አደጋ መዘዝ ዋይ85.0 ነው። ከዛፍ ወይም ከጣሪያ የወደቀ ሰው መዘዝ ዋይ86 ላይ ይገባል። እነዚህን የሚጽፍ ሰው ጥቂት ነው፤ ብትጽፊያቸው ግን ያልሽው የወደብ ጉዳይ ከመዝገቡ ላይ በትክክል ይነበባል።

የምትሠሪበት የኮምፒውተር ዝርዝር አጠር ያለ ሆኖ ቲ91.2ን ባታገኚበት እንኳ ዋናውን ችግር ጽፈሽ ሰውየውን ተመላላሽ አድርገሽ መዝግቢ። ኤስ22.4ን ግን አትድገሚው። የጎደለ መረጃ ተጠይቆ ይሟላል። ሪፖርት ሆኖ የወጣን የሐሰት ስብራት ግን ማን ይመልሰዋል?

የሌሊት ኮደር

ሰላም ባለካርዷ። እኔም ባሕር ዳር ነኝ። የምሠራው ለውጭ አገር ክሊኒኮች ስለሆነ ሥራዬ የሚጀምረው ከተማው ሲተኛ ነው። እትዬ የዓለም ጤናውን ጨርሰውታል፤ እኔ የአሜሪካውን ልጨምር።

ሲኤም ላይ ቲ91.2 የሚባል ነገር አትፈልጊ፣ የለም። እዚያ መዘዝ የሚገለጸው በ7ኛው ፊደል ነው። ኤስ22 ሥር ያሉት ፊደላት ኤ፣ ቢ፣ ዲ፣ ጂ፣ ኬ እና ኤስ ናቸው። ኤ ዝግ ስብራት ንቁ ሕክምና ላይ እያለ፣ ቢ ክፍት ስብራት እንዲሁ፣ ዲ በደንብ እየገጠመ ላለ ክትትል፣ ጂ ለዘገየ፣ ኬ አልገጥም ላለ፣ ኤስ ለመዘዝ። ጎንም ይለያል። የግራ ብዙ ጎድን ኤስ22.42፣ የቀኝ ኤስ22.41፣ የሁለቱም ኤስ22.43 ነው። ኮዱ አምስት ቦታ ብቻ ስላለው 6ኛው ላይ መሙያ ኤክስ ታስገቢና 7ኛው ላይ ኤስ ታደርጊያለሽ። የሰውየሽ ኤስ22.42ኤክስኤስ ነው።

እንግዲህ ኤስ22.4ን ልተወው ወይ ላልሽው፣ ሲኤም ላይ አትተዪውም፤ መጨረሻው ኤስ ይሆናል፣ ቦታውም ሁለተኛ ይሆናል። ኤ አድርጎ መላክ ግን ዛሬ የተሰበረ ሰው ነው ብሎ መክሰስ ነው። ከፋዩ ድርጅት ወዲያው ይመልሰዋል፤ የስብራት ሕክምና የት አለ ይላል።

ቅደም ተከተሉ እትዬ ያሉት ነው፤ የሲኤም መመሪያም የቀረው ችግር መጀመሪያ፣ ኤስ ያለበት የጉዳት ኮድ ቀጥሎ ነው የሚለው። ልዩነቱ ሲኤም የጊዜ ገደብ የለውም። ዓመት መጠበቅ አያስፈልግም፤ ሐኪሙ ካያያዘው በወራትም መዘዝ ይሆናል።

አንደኛ የሚሆነውን ግን ካርዱ ይወስናል። ሐኪሙ «ኢንተርኮስታል ኒውራልጂያ» (የጎድን መሀል ነርቭ ሕመም) ካለ ጂ58.0 ነው። «ከአደጋ የመጣ ሥር የሰደደ ሕመም» ብሎ ከጻፈና ሰውየው የመጡት ሕመሙን ለማስታገስ ከሆነ ጂ89.21 ይቀድማል፣ ከዚያ የቦታው ሕመም፣ ለምሳሌ የጎድን መሀል ሕመም አር07.82፣ ከዚያ ኤስ22.42ኤክስኤስ። የሕመሙ ምክንያት ታውቆ ጂ58.0 ከተጻፈና እሱኑ ሊያክሙ ከሆነ ግን ጂ89ን መደረብ አያስፈልግም። ሕመም ከስንት ጊዜ በኋላ ሥር የሰደደ እንደሚባል መመሪያው ቁጥር አልሰጠም፤ የሐኪሙ ጽሑፍ ነው ወሳኙ። «ክሮኒክ» የሚለውን አንቺ በቀን ቆጥረሽ አትጨምሪበት።

ደረታቸው ቅርጹ ተበላሽቶ ከሆነና ሐኪሙ ከጻፈው ኤም95.4 አለ። ኤስ22 ላይ «ጠምሞ የገጠመ» የሚል 7ኛ ፊደል ስለሌለ እሱን ፍለጋ ጊዜሽን አታጥፊ።

ለፈተናሽ ደግሞ፦ ድሮ በአይሲዲ-9 ዘመን ይህ ሁሉ 905.1 በሚል አንድ ኮድ ይጠቃለል ነበር፤ ከአከርካሪም ጋር ተደባልቆ፣ ግራ ቀኝ ሳይለይ። አሜሪካኖቹ እ.ኤ.አ. ኦክቶበር 1 ቀን 2015 ወደ አይሲዲ-10-ሲኤም ሲዞሩ ነው እንዲህ የተዘረዘረው። የቆዩ የጥናት ወረቀቶች ላይ 905.1 ብታዪ እንዳያደናግርሽ።

ኮደር 14

ገብቶኛል፣ አመሰግናለሁ እትዬ። ግን ልጠይቅ፦ ሰውየው ሲሰበሩ እኛ ጋ ታክመው ካልሆነስ? ብዙ ሰው ወጌሻ ጋ ሄዶ፣ ደረቱን ታስሮ ከርሞ፣ ከዓመታት በኋላ ነው ለሳል ራጅ ሲነሣ የድሮ ስብራት የሚገኝበት። የመጀመሪያው ስብራት ወረቀት ከሌለ መዘዝ ብሎ መጻፍ ይቻላል?

የድሮዋ ኤችአይቲ

ጥሩ ጥያቄ ነው። ይቻላል። የመጀመሪያው ካርድ እጅሽ ላይ መኖር ግዴታ አይደለም። የሚያስፈልገው ዛሬ ያየው ሐኪም «ይህ ሕመም ከዚያ ስብራት የመጣ ነው» ብሎ ማገናኘቱ ነው። ራጅ አንባቢው «ኦልድ ፍራክቸር» ስላለ ብቻ ግን አናገናኝም። ሰውየው ለሳል መጥቶ ድሮ የገጠመ ጎድን በአጋጣሚ ከታየበትና ካላመመው፣ ያኔ ያንተ ዜድ87.8 ትክክለኛ ቦታውን አገኘ ማለት ነው።

ከዘጌም ከደሴቶቹም የሚመጡ እናቶች ላይ ይህን ብዙ ጊዜ አይቻለሁ። እንጨት ተሸክመው ወድቀው፣ ለማንም ሳይናገሩ፣ ጎናቸውን በነጠላ አጥብቀው አስረው ሥራቸውን የቀጠሉ አሉ። ወረቀት የላቸውም። ወረቀት ስለሌላቸው ሕመማቸው ከየት እንደመጣ ሳይጻፍ መቅረት የለበትም። ሐኪሙ ከጠየቃቸው ታሪኩን ቁልጭ አድርገው ይነግሩታል፤ እሱ ከጻፈው ለእኛ በቂ ነው።

ጠቅላላ ሐኪም፣ ጣና ማዶ

ጤና ይስጥልኝ። መጀመሪያ ለባለካርዷ አንድ ማሳሰቢያ፦ የጻፍሽው ላይ ስምና ዕድሜ አለመኖሩ ጥሩ ነው፤ ሰፈርና ቀን እንዳትጨምሪበት። ባሕር ዳር ትልቅ ከተማ ብትሆንም የጀልባ ሰዎች እርስ በርሳቸው ይተዋወቃሉ።

ወደ ጉዳዩ ስገባ፣ ካርዱ ላይ «ቼስት ፔይን» ብቻ የሚጻፈው ሐኪሙ ግድ ሳይኖረው ቀርቶ አይደለም። ተመላላሽ ክፍል ውስጥ በር ላይ የተሰለፈውን ሰው እያየ ነው የሚጽፈው። በዚህ ምክንያት የሚጎድለው ግን ትልቅ ነገር ነው።

የጎድን ስብራት በአብዛኛው በስድስት ሳምንት ገደማ ይገጥማል፤ እስከ ሦስት ወር የሚፈጅበትም አለ። ከዚያ በኋላ የሚቀር ሕመም ምንጩ ብዙ ነው። እያንዳንዱ ጎድን በታችኛው ጠርዙ ውስጠኛ በኩል ቦይ አለው፤ በዚያ ቦይ ደም ሥርና ነርቭ አብረው ያልፋሉ። አጥንቱ ሲሰበር ነርቩ ሊጎዳ ይችላል፤ ሲገጥምም የሚፈጠረው እብጠት ሊጫነው ይችላል። እንዲህ ያለው ሰው የሚያቃጥል፣ እንደ ኤሌክትሪክ የሚነዝር፣ ከጀርባ ወደ ፊት በጎድን መሀል ተከትሎ የሚሄድ ሕመም ይነግርሃል፤ ልብሱ ሲነካው እንኳ ይሸሻል። ይህ ጂ58.0 የተባለው ነው። ሌላው በጡንቻው ወይም ጎድኑ ከልምጭ አጥንቱ (ካርቲሌጁ) ጋር በሚገናኝበት ቦታ ላይ ብቻ ሲጫኑት የሚያም ነው። ሦስተኛው ሳንባው በጠባሳ ተይዞ ትንፋሽ የሚያጥረው ነው። እነዚህ ሦስቱ ሕክምናቸውም ኮዳቸውም ይለያያል፤ «ቼስት ፔይን» ሦስቱንም ይሸፍናቸዋል።

ወጌሻ ደረትን አጥብቆ ያስራል የተባለውን በተመለከተ፣ አሁን አናስርም። የታሰረ ደረት በደንብ አይተነፍስም፣ አክታ ይጠራቀምና የሳንባ ምች ይከተላል። ሕመሙን አስታግሶ በጥልቀት እንዲተነፍስና እንዲያስል ማድረግ ነው ሕክምናው። ቤት ውስጥ እንዲህ የታሰረ ሰው ያላችሁ ፍቱለትና ወደ ጤና ተቋም አምጡት።

አንድ ነገር ደግሞ ለኮደሮቹ። ዕድሜያቸው የገፋ ሰው ስለሳሉ ብቻ ወይም አልጋ ጫፍ ስለመታቸው ጎድናቸው ከተሰበረ፣ የአጥንት መሳሳት እንዳለባቸው ከታወቀ ያ የአደጋ ስብራት አይደለም። ካንሰር የበላው ጎድንም እንዲሁ። እነዚህን እኛ ለይተን ካልጻፍን እናንተ ወደ ኤስ22 ትከቷቸዋላችሁ፤ የሰውየው ዋና በሽታም ተሸፍኖ ይቀራል።

የሌሊት ኮደር

ዶክተር ያሉት በጣም አስፈላጊ ነው። ሲኤም ላይ የአጥንት መሳሳት ስብራት ኤም80 ነው፤ እሱም 7ኛው ላይ ኤስ ይቀበላል። ድኖ ምንም ያልቀረበት ከሆነ ደግሞ ታሪኩ ዜድ87.310 ነው፣ ዜድ87.81 አይደለም። ፈተና ላይ እነዚህን ሁለቱን አጠገብ ለአጠገብ አስቀምጠው ይጠይቃሉ።

እንግዳ

ይቅርታ፣ እኔ የሕክምና ሰው አይደለሁም፤ ስለ ጎድን ስፈልግ ነው ይህን ያገኘሁት። ወንድሜ ባጃጅ ተገልብጦበት የቀኝ ጎኑ ተሰብሮ ነበር። የካሳ ጉዳይ ላይ ነን። አሁን የሰጡት ወረቀት «ስብራቱ ገጥሟል» ይላል። ያ ወረቀት «ድኗል፣ ምንም የለበትም» ማለት ነው? ልጁ ግን ከባድ ነገር ማንሣት አልቻለም፤ ሥራው ጭነት ነበር።

ጠቅላላ ሐኪም፣ ጣና ማዶ

ወንድሜ፣ እግዜር ይማርልህ። «ገጥሟል» ማለት ስለ አጥንቱ ብቻ የተነገረ ነው። ገጥሞም ሊያም ይችላል፣ ገጥሞም አቅም ሊቀንስ ይችላል። ያከመው ሐኪም ጋ ተመልሳችሁ ሂዱና አሁን ያለበትን ሁኔታ ይመርምረው። ምን ማንሣት እንደሚያቅተው፣ ሲተነፍስ እንደሚያመው፣ እንቅልፍ እንደሚነሣው ልጁ በራሱ አፍ ይናገር። የሕክምና ማስረጃውም ሁለቱንም እንዲይዝ ጠይቁ፤ አጥንቱ መግጠሙን፣ ከአደጋው የቀረበትንም። የአካል ጉዳት መጠን በመቶኛ የሚወሰነው በኮድ አይደለም፣ በሐኪሞች ቦርድ ምርመራ ነው። እዚህ የምንነጋገርበት ኮድ ለመዝገብና ለክፍያ ነው፤ ችሎት ላይ አያስረዳላችሁም።

የድሮዋ ኤችአይቲ

እኔም ለእንግዳው አንድ ልጨምር። አደጋው የደረሰ ቀን የተከፈተውን ካርድ ቁጥር ያዙ። ካርዱ ላይ «ባጃጅ ተገልብጦ» ተብሎ ከተጻፈ የአደጋው ዓይነት ከመጀመሪያው ተመዝግቧል ማለት ነው። በአይሲዲ ባለ ሦስት እግር ተሽከርካሪ የራሱ ምድብ አለው፣ ከቪ30 እስከ ቪ39። ሳይጋጭ የተገለበጠው ቪ38 ነው። ካርዱ ላይ «ወደቀ» ብቻ ተብሎ ከሆነ ግን አሁን ከሐኪሙ ጋር ሆናችሁ ታሪኩን በአዲስ ቀን ይጻፍላችሁ። የድሮው ጽሑፍ ላይ ማንም እንዳይደርብበት፤ የተደለዘ ካርድ ተቀባይነቱን ያጣል።

ባለካርዷ

ሁላችሁንም እግዚአብሔር ይስጥልኝ፤ ዶክተር፣ እርስዎንም። ያነበብኩትን ይዤ ካርዱን ዛሬ ደግሜ አየሁት። እዚህ የጻፍኩት ላይ ያላነሣሁት አንድ ነገር አገኘሁ፦ ከጥቂት ወራት በፊት አንድ ሐኪም «ክሊክ ኦን ዲፕ ብሪዚንግ» ብሎ ጽፏል፤ ሲተነፍሱ ጎድኑ ጠቅ ይላል ማለቱ ነው። ያኔ ራጅ አልታዘዘም። ይህ ነገሩን ይቀይረዋል?

ጠቅላላ ሐኪም፣ ጣና ማዶ

ሊቀይረው ይችላል። ጠቅ የሚል ጎድን አንዳንዴ ያልገጠመ ጎድን ነው፤ አንዳንዴ ደግሞ የልምጭ አጥንቱ ከቦታው መላላት ነው። የአሁኑ ራጅ ገጥሟል ቢልም ተራ የደረት ራጅ የጎድን ነገር በቀላሉ ያመልጠዋል፤ በተለይ በጎን በኩል ያለውን። ሐኪሙ ደግሞ በእጁ ዳስሶ፣ ካስፈለገም ሲቲ አይቶ ይወስን። ይህን ያንቺ ኮድ አይፈታውም፤ ሰውየው ደግመው መታየት አለባቸው።

የሌሊት ኮደር

ከኮድ በኩል ደግሞ መስመሩ ይህ ነው፦ አልገጠመም ከተባለ ሲኩዌላ አይደለም፤ ስብራቱ ገና አላበቃም። 7ኛው ፊደል ኬ ይሆናል፣ ኤስ22.42ኤክስኬ። ያኔ የስብራቱ ኮድ ራሱ አንደኛ ይሆናል። ኬ እና ኤስን በአንድ ጎድን ላይ አብረሽ አትጻፊ። ስለዚህ ዶክተሩ ሳይመልስልሽ አንዱንም አትምረጪ።

ባለካርዷ

እሺ። ነገ ለሐኪሙ የማቀርበውን ጥያቄ ጽፌዋለሁ፤ እዩልኝ፦

«ዶክተር፣ የእኒህ ታካሚ የደረት ሕመም ከድሮው የጎድን ስብራት የመጣ ሥር የሰደደ ሕመም ስለሆነ፣ ኮዱን ለማስተካከል እንዲመች ካርዱ ላይ ‹ሲኩዌላ› ብለው ቢጽፉልን።»

የድሮዋ ኤችአይቲ

ልጄ፣ ልብሽ ቀና ነው፤ አጻጻፉ ግን መልሱን አፉ ውስጥ አስቀምጦለታል። «ስለሆነ» ብለሽ አንቺ ወስነሻል፤ «ቢጽፉልን» ብለሽ ደግሞ ቃሉን መርጠሽለታል። ነገ ጠዋት አንድ ኦዲተር ካርዱን ቢያይ ምርመራውን የሰጠው ካርድ ክፍሉ ነው ይላል። ሐኪሙም ተቻኩሎ ይፈርማል፣ የጠቅታው ነገርም ተዳፍኖ ይቀራል። ያየሽውን ካርዱ ላይ ካለበት ቀን ጋር አስቀምጪ፣ ምርጫውንም ክፍት ተዪው። እንዲህ አድርጊው፦

«ለሚያክሙት ሐኪም፦ ታካሚው በግራ 6ኛ–8ኛ ጎድን ስብራት ከዚህ ቀደም ታክመዋል። በመጨረሻው ቪዚት ‹ኦልድ ሂልድ ሪብ ፍራክቸር› እና ‹ቼስት ፔይን› ተጽፏል፤ ከዚያ በፊት በነበረ ቪዚት ደግሞ በጥልቅ ትንፋሽ ጊዜ ‹ክሊክ› ተመዝግቧል። በምርመራዎ መሠረት እባክዎ ይግለጹ፦ የደረቱ ሕመም ምክንያትና ዓይነት ምንድን ነው? ከቀድሞው ስብራት ጋር ግንኙነት አለው፣ የለውም፣ ወይስ መወሰን አይቻልም? ስብራቱ አሁን ያለበት ደረጃ ምንድን ነው?»

ቀኖቹን ከካርዱ ላይ አሟዪ፣ ስምሽንና ፊርማሽን አድርጊ፣ ወረቀቱን ከካርዱ ጋር አያይዢው። በቃል፣ በኮሪደር አትጠይቂው፤ በአፍ የተመለሰ ለመዝገብ አይሆንም።

የቀደሙትን የተደጋገሙ ኤስ22.4ዎች በተመለከተ ደግሞ ለክፍልሽ ኃላፊ በጽሑፍ አሳውቂ። የእሳቸው ብቻ አይሆንም፤ ከስብራት በኋላ የሚመላለሱትን ሁሉ ካርድ አውጥታችሁ እዩ። የእግርና የእጅ ስብራት ላይም ይኸው እንደሚገኝ እገምታለሁ።

ጠቅላላ ሐኪም፣ ጣና ማዶ

ይህ ወረቀት ለእኔ ቢመጣልኝ ቁጭ ብዬ ነው የምመልሰው። ሦስተኛው ጥያቄ ደረቱን እንደገና እንድዳስስ ያስገድደኛል። በዚያው ላይ ብታደርጊው ጥሩ የሚሆን ነገር፦ ታካሚው በሚመጡበት ቀን ወረቀቱ ካርዱ ላይ ከፊት ይሁን። እሳቸው ከሄዱ በኋላ ከደረሰኝ በግምት ነው የምመልስልሽ።

ባለካርዷ

ቀጠሯቸው በሚቀጥለው ሳምንት ነው። ወረቀቱን ከፊት አያይዤ እጠብቃቸዋለሁ። ለኃላፊዬም ስለ ተደጋገሙት ዛሬ ጽፌ ሰጥቻለሁ። ሐኪሙ የመለሰውን ይዤ፣ ታካሚውን የሚያሳውቅ ነገር ሳላስገባ፣ የመጨረሻውን ኮድ በሁለቱም መጽሐፍ እዚሁ አስቀምጣለሁ፤ ከተሳሳተ አርሙኝ።